ኪዩቢዝም፣ አንድ ዓይንና ደቡብ ኦሞ

ኪዩቢዝም ከ1907 እስከ 1914 ባሉት ዓመታት በፓሪስ ተወልዶ የጎለመሰ የሥዕል እንቅስቃሴ ነው፤ በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። መሥራቾቹ ስፔናዊው ፓብሎ ፒካሶና ፈረንሳዊው ዦርዥ ብራክ ናቸው። አብዛኛው ሰው እንቅስቃሴውን የሚለየው በመልኩ ነው፤ ተሰባብሮ እንደገና የተገጣጠመ ጊታር፣ ከፊትም ከጎንም በአንድ ጊዜ የሚታይ ፊት፣ ቡናማና ግራጫ የማዕዘን ክምር። መልኩ ግን የነገሩ መድረሻ እንጂ መነሻ አይደለም። መነሻው «ተመልካቹ የት ቆሞ ነው የሚያየው?» የሚል ጥያቄ ነው። ላይ ላዩን ሲታይ ለሠዓሊዎች ብቻ የተተወ የሙያ ጥያቄ ይመስላል። ካሜራ ከሚበዛባቸው የኢትዮጵያ አካባቢዎች አንዱ ወደ ሆነው ወደ ደቡብ ኦሞ ሲወርድ ግን ከሸራ አልፎ የሰውና የሰው ጉዳይ ይሆናል።

ከኪዩቢዝም በፊት የአውሮፓ ሥዕል ከአራት መቶ ዓመታት በላይ በአንድ ስምምነት ሲመራ ኖሯል። በ15ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የፍሎረንሱ አርክቴክት ብሩኔሌስኪ የርቀት አሣሣልን ሕግ በተግባር አሳየ፤ በ1435 ደግሞ ሊዮን ባቲስታ አልበርቲ ሕጉን በመጽሐፍ አሰፈረው። ከዚያ በኋላ ሥዕል በመስኮት በኩል እንደሚታይ ትዕይንት ተቆጠረ። ትይዩ መስመሮች ወደ አንድ ነጥብ ይሰበሰባሉ፤ የቀረበው ይገዝፋል፤ የራቀው ያንሳል። ስሌቱ እንዲሠምር ግን ተመልካቹ ከአንድ ቦታ ሳይነቃነቅ፣ ያውም በአንድ ዓይን፣ ማየት ይኖርበታል። በ1839 ይፋ የሆነው ፎቶግራፍ ይህንኑ ስምምነት ወደ መሣሪያ ለወጠው። ካሜራ አንድ ዓይን ያለው፣ ከቦታው የማይነቃነቅ፣ በቅጽበት አይቶ የሚጨርስ ተመልካች ነው። ሰው እንዲህ አያይም። ሰው አንገቱን ያዞራል፣ ይቀርባል፣ ይርቃል፤ ያየውንም በእጁ ከዳሰሰውና በልቡ ካስቀመጠው ጋር ያዋሕዳል። የርቀት ሕግ ከዚህ ሁሉ ውስጥ አንዲት ቅንጣት ነጥሎ አወጣና «እውነተኛ እይታ» ብሎ ሰየማት።

ስምምነቱን አስቀድሞ የነቀነቀው ፖል ሴዛን ነው። በሴዛን የፍራፍሬ ሥዕሎች ላይ የጠረጴዛው የግራ ጠርዝ ከቀኙ ጋር አይገጥምም፤ ሳህኑ ከላይ ሲታይ ጠርሙሱ ከጎን ይታያል። ይህ የእጅ ስንፍና አልነበረም፤ ሠዓሊው እየሣለ ራሱን እንዳንቀሳቀሰ የሚመሰክር ነው። ሴዛን በ1906 ሞተ። በማግሥቱ ዓመት ሥራዎቹ ፓሪስ ውስጥ ተሰብስበው ቀረቡ። በዚያው በ1907 ፒካሶ የትሮካዴሮን የኢትኖግራፊ ሙዚየም ጎብኝቶ የአፍሪካን ጭምብሎች ተመለከተ፤ «የአቪኞ ወይዛዝርት» የተሰኘውን ትልቅ ሸራም የሠራው በዚሁ ዓመት ነው። ሥዕሉ አምስት ሴቶችን ያሳያል። በቀኝ በኩል ያሉት የሁለቱ ፊት ጭምብል መሰል ነው፤ ቁጢጥ ያለችው ሴት ጀርባዋን ሰጥታ ሳለ ፊቷ ወደ ተመልካቹ ዞሯል። አንገት እንዲህ አይዞርም፤ የዞረው ሠዓሊው ነው። የቅርብ ወዳጆቹ ሳይቀሩ ደነገጡ። ሥዕሉ ለሕዝብ የቀረበውም ከዘጠኝ ዓመት በኋላ በ1916 ነበር።

በ1908 ብራክ በደቡብ ፈረንሳይ በምትገኘው በሌስታክ የሣላቸውን የመልክዓ ምድር ሥዕሎች በነጋዴው በዳንኤል-ሄንሪ ካንዋይለር ጋለሪ አሳየ። ሐያሲው ሉዊ ቮሴል ሠዓሊው ሁሉን ነገር ወደ ኩብ እንዳወረደው ጽፎ አሾፈ፤ ፌዙም የእንቅስቃሴው ስም ሆኖ ቀረ። ከሦስት ዓመት በፊት የፎቪዝምን ሠዓሊዎች አውሬ ብሎ የሰየመው ይኸው ሰው ስለ ነበር፣ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ክርስትና አባቱ ተሳዳቢው ነው ቢባል ብዙም ከእውነት አይርቅም። ከዚያ እስከ 1912 ያለው ጊዜ ትንተናዊ ኪዩቢዝም ይባላል። ፒካሶ በ1910 የካንዋይለርን ምስል ሲሥል ሰውየውን በግራጫና በቡናማ ገጾች መካከል በተነው፤ የተጣመሩት እጆች፣ የሰዓቱ ሰንሰለትና የጸጉሩ ሞገድ ብቻ እዚህም እዚያም ብቅ ይላሉ። ሰውየውን መልሶ የመገጣጠም ሥራ ለተመልካቹ ተትቷል። ብራክ ደግሞ በ1909 «ቫዮሊንና የቀለም ሰሌዳ» በተባለው ሥዕሉ አናት ላይ አንድ ምስማር በአሮጌው ዘዴ አስመስሎ ሣለ። ከተሰባበረው ቫዮሊን በላይ የተተከለው ያ ምስማር የትንተናዊ ኪዩቢዝም ጥሩ ማብራሪያ ነው፤ አሮጌውን መንገድ ሠዓሊው ያውቀዋል፤ የተወው ስላቃተው ሳይሆን ስለመረጠ ነው።

በ1912 ሌላ ምዕራፍ ተከፈተ። ፒካሶ የወንበር ሽመና የታተመበትን የፋብሪካ የሰም ጨርቅ ሥዕሉ ላይ ለጠፈ፤ ዙሪያውንም በገመድ ከበበው። በዚያው ዓመት ብራክ የእንጨት መልክ የታተመበት የግድግዳ ወረቀት ቆርጦ ወደ ሥዕሉ አስገባ። ኮላዥ የሚባለው ዘዴ እንዲህ ተጀመረ፤ እንቅስቃሴውም ወደ ቅንብራዊ ኪዩቢዝም ተሻገረ። ኋን ግሪስ በዚህ ምዕራፍ ከሁሉ የጠራውን ሥራ ሠራ። ፈርናንድ ሌዤ የራሱን መንገድ ያዘ። አልበርት ግሌዝና ዣን ሜትዚንጀር በ1912 ስለ ኪዩቢዝም የመጀመሪያውን መጽሐፍ ጻፉ፤ ሥዕላቸው ግን ከመጽሐፋቸው ያነሰ ነበር። በ1914 ጦርነት መጣ። ብራክ ዘመተ፤ በ1915ም ራሱ ላይ ቆሰለ። ካንዋይለር የጀርመን ዜጋ በመሆኑ የሰበሰባቸው ሥዕሎች በፈረንሳይ መንግሥት ተወረሱ። የሁለቱ መሥራቾች የጋራ ሥራ በዚሁ አበቃ።

ስለ ኪዩቢዝም ምንነት በብዛት የሚሰጠው መግለጫ አንድን ነገር ከብዙ አቅጣጫ አይቶ እይታዎቹን በአንድ ገጽ ላይ መደመር የሚል ነው። መግለጫው ለትምህርት ቤት ይበቃል፤ ለሐሳብ ግን አይበቃም። አንድን ጊታር ከፊት፣ ከጎን፣ ከላይና ከኋላ አይቶ አራቱን መደመር ሙሉ ጊታር አይሰጥም፤ የሚሰጠው አራት ከፊል ጊታሮችን ነው። ካንዋይለር በ1920 ባሳተመው መጽሐፍ የፈላስፋውን የካንትን ሐሳብ ይዞ ጉዳዩን ጠለቅ አድርጎ አየው። በእሱ አመለካከት ሠዓሊው የሚያቀርበው ስለ ዕቃው የታወቀውን ቅርጽ ነው፤ ዓይን በቅጽበት የቀለበውን መልክ መገልበጥ ሥራው አይደለም፤ ቅርጹን አንድ አድርጎ የሚሠራው የተመልካቹ አእምሮ ነው። ይህም ቢሆን ግን አንድ ነገር ይጎድለዋል። የ1910ና የ1911 ሥዕሎች የሚያሳዩት የተሟላ ዕውቀትን አይደለም። ገጾቹ እርስ በርስ ይጋጫሉ፤ ጥላው ከዚህም ከዚያም ይመጣል፤ የዕቃው ጠርዝ ከጀርባው ጋር ይቀላቀላል። እነዚህ ሥዕሎች የሚናገሩት ማንኛውም እይታ ቦታ እንዳለው፣ ቦታ ያለው እይታ ሁሉ ደግሞ የሚሸፍነው ነገር እንዳለው ነው። የኪዩቢዝም ዋና ቁም ነገር ይህ ነው፤ የእይታዎቹ መብዛት ከዚህ በታች ይመጣል።

በዘመናዊ የሥነ ጥበብ እንቅስቃሴዎች መካከል ኪዩቢዝም የያዘው ቦታ መሐል ነው። የኢጣሊያ ፊውቱሪስቶች በ1909 መግለጫቸውን ቢያወጡም ፍጥነትን የሚሥሉበትን ዘዴ ያገኙት ኪዩቢዝምን ካዩ በኋላ ነው። ሮበርት ዴሎኔ የተሰባበረውን ገጽ በቀለም አበራው። ፒት ሞንድሪያን ከሆላንድ ወደ ፓሪስ መጥቶ ዛፍን በኪዩቢዝም መንገድ መሣል ጀመረ፤ ቀስ በቀስም ዛፉ ጠፍቶ መስመሩ ብቻ ቀረ። ቭላዲሚር ታትሊን የፒካሶን ስቱዲዮ አይቶ ወደ ሩሲያ ሲመለስ ከብረትና ከእንጨት ቅርጽ ማገጣጠም ያዘ፤ ካዚሚር ማሌቪች በ1915 በፔትሮግራድ ጥቁር አራት ማዕዘን ሰቀለ። የሚገርመው ፒካሶና ብራክ ራሳቸው እነዚህ ሁሉ የተሻገሩትን ድንበር አልተሻገሩም። በሥዕላቸው ውስጥ ጠርሙሱ፣ ጋዜጣውና ሰውየው እስከ መጨረሻው አሉ። ለዕቃው ታማኝ ሆኖ የቀረው እንቅስቃሴ ዕቃ አልባ ሥዕልን ወለደ።

በ1936 የኒውዮርኩ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ዳይሬክተር አልፍሬድ ባር «ኪዩቢዝምና አብስትራክት አርት» የሚል ዐውደ ርእይ ሲያዘጋጅ የእንቅስቃሴዎቹን የዘር ሐረግ በሠንጠረዥ አወጣ። መሐሉ ላይ ኪዩቢዝም አለ፤ ከየአቅጣጫው ቀስቶች ይገቡበታል፣ ይወጡበታልም። ከቀስቶቹ አንዱ የሚነሳው ከአንድ ሣጥን ሲሆን ሣጥኑ ውስጥ የተጻፈው የጥቁሮች ቅርጻ ቅርጽ የሚል ብቻ ነው። ሕዝብ የለም፣ አገር የለም፣ የእጅ ባለሙያ የለም። ከዚያ ሃያ ዓመት ያህል ቀደም ብሎ፣ በ1915፣ ጀርመናዊው ጸሐፊ ካርል አይንስታይን የአፍሪካን ቅርጻ ቅርጽ ከኢትኖግራፊ መጋዘን አውጥቶ በሥነ ጥበብነቱ የመረመረ መጽሐፍ አሳትሞ ነበር። አፍሪካዊው ቀራጭ ኪዩቢስቶች የሚታገሉትን የቦታና የጥልቀት ጥያቄ አስቀድሞ እንደ ፈታው የተከራከረ ታላቅ መጽሐፍ ነው። የእሱም መጽሐፍ ቢሆን ፎቶግራፎቹን ያቀረበው ከየትና ከማን እንደ መጡ ሳይጠቅስ ነው። ዕዳው ታወቀ፤ ባለዕዳው እንጂ አበዳሪው አልተጻፈም።

ዕዳው ተጨባጭ ነበር። ፒካሶ የግሬቦ ሕዝብ ጭምብል ነበረው፤ በዚህ የምዕራብ አፍሪካ ጭምብል ላይ ዓይኖቹ ወደ ውስጥ በመጎድጎድ ፈንታ ቱቦ ሆነው ወደ ውጭ ይወጣሉ። ፒካሶ በ1912 ከወረቀት በሠራው ጊታር ላይ የድምፅ ቀዳዳውን ወደ ውጭ የወጣ ቱቦ አደረገው። ጎድጓዳው ጉብታ ሆነ፤ ጎድጓዳነቱን ግን አልሳተም። ከዚያ በኋላ ቅርጽ የሚሠራ ሰው ነገሩን በመምሰል ፈንታ በምልክት ሊተካው እንደሚችል ታወቀ። ይህን ለአውሮፓ ያስተማረው ስሙ ያልተመዘገበ ጠራቢ ነው።

ኢትዮጵያ በዚህ ታሪክ ውስጥ ያላት ቦታ ጠባብ ቢሆንም ባዶ አይደለም። ወደ ፓሪስ የሄዱት ጭምብሎች በአብዛኛው ከምዕራብና ከመካከለኛው አፍሪካ ነበሩ። ከኢትዮጵያ ጋር ያለው ክር የሚገኘው ጎንደር ላይ ነው። ከ1931 እስከ 1933 ከዳካር እስከ ጅቡቲ የተጓዘው በማርሴል ግሪዮል የተመራው የፈረንሳይ የጥናት ቡድን በ1932 ጎንደር ከርሞ የአባ እንጦንስን ቤተ ክርስቲያን የግድግዳ ሥዕሎች አንስቶ ወሰደ፤ ዛሬ የሚገኙት በፓሪሱ ኬ ብራንሊ ሙዚየም ነው። በምትካቸው የተለጠፉትን ቅጂዎች የሣለው ጋስቶን-ሉዊ ሩ ሲሆን ሥራዎቹን ፓሪስ ውስጥ የሚያቀርበው የካንዋይለር ጋለሪ ነበር፤ ያው የኪዩቢዝም ነጋዴ። የቡድኑ ጸሐፊ ሚሼል ሌሪስም በጋብቻ ከካንዋይለር ቤት ነው። ትሮካዴሮ ሙዚየም ሄዶ አፍሪካን ያየው ትውልድ ሃያ አምስት ዓመት ሳይሞላው የራሱን ሰዎች ጎንደር ድረስ ላከ ማለት ነው።

ሩ ከገለበጣቸው ሥዕሎች ጋር የሚዛመድ አንድ የቆየ የአገር ልማድ አለ። በኢትዮጵያ የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ጻድቃን ፊታቸው ሙሉ ሆኖ፣ ሁለት ዓይናቸው ተገልጦ ይሣላሉ፤ ሰይጣን፣ ይሁዳና ከሓድያን ደግሞ በጎን፣ በአንድ ዓይን። አሣሣሉ ተመልካቹን ይዳኘዋል፤ ጻድቁ ያየዋል፣ ክፉው ግን አያየውም። ፒካሶ በ1930ዎቹ በጎን በተሣለ ፊት ላይ ሁለት ዓይን ሲያስቀምጥ የጎንደር ሠዓሊ ቢያየው ምን እንደሚል መገመት ያስቃል፤ ሁለት የማይገናኙ ወገኖች በአንድ ፊት ላይ ተገናኝተዋልና። ቁም ነገሩ ግን ሌላ ነው። የአገሩ ሠዓሊ የርቀት ሕግን አያውቅም ወይም አይፈልገውም ነበር፤ ዙፋኑን ከፊት፣ ምንጣፉን ከላይ ሲሥል ምንም አላስጨነቀውም። ብራክ ያፈረሰው ግንብ እዚህ አልተሠራም።

ዘመናዊው የኢትዮጵያ ሥዕል ኪዩቢዝምን እንደ ዘመን ሳይኖርበት ያለፈው በከፊል በዚህ ምክንያት ነው። በ1950ዎቹ ወጣቶቹ ወደ አውሮፓ ሲሄዱ ኪዩቢዝም የአርባ ዓመት አዛውንት ሆኖ ትምህርት ቤት ገብቷል። ገብረ ክርስቶስ ደስታ ኮሎኝ ተምሮ በ1960ዎቹ መጀመሪያ ሲመለስ ይዞት የመጣው አብስትራክትና የጀርመን ኤክስፕሬሽኒዝም ነው። አፈወርቅ ተክሌ በአፍሪካ አዳራሽ በሠራው 150 ካሬ ሜትር የመስታወት ሥራ ሰዎቹን በባለ ማዕዘን ገጾች ቢከፋፍልም ይህን ያዘዘው በከፊል የመስታወቱና የማያያዣው ጠባይ ነው። ወደ ኪዩቢዝም ከሁሉ የቀረበው እስክንድር ቦጎሲያን ይመስላል፤ ያውም በቀጥታ ሳይሆን በዊፍሬዶ ላም በኩል። ኩባዊው ላም ከፒካሶ የተማረውን ወስዶ ለአፍሪካ ዘር ኩባውያን መናፍስት ሰጠው። እስክንድር ፓሪስ ሳለ ሥራውን አየ፤ በኋላም የተሰባበረውን ገጽ ከጥንቱ የክታብ ጥቅልል ጋር አገናኘው። አፍሪካ ለኪዩቢዝም ያበደረችው በዚህ ጠመዝማዛ መንገድ በከፊል ተመለሰላት።

ደቡብ ኦሞ በእነዚህ ሁሉ መንገዶች ላይ አይገኝም። የአካባቢው ትልቅ ከተማ ጂንካ ናት፤ በዙሪያዋ ኣሪዎች፣ ወደ ቆላው ሲወረድ ደግሞ ባና፣ ሐመር፣ ፀማይ፣ ኤርቦሬ፣ ካሮ፣ ኛንጋቶም፣ ዳሰነች፣ ሙርሲ፣ ቦዲና ሌሎችም ይኖራሉ። የእነዚህ ሕዝቦች ጥበብ የታወቀው በጭምብል አይደለም። የቅርጽና የቀለም ሥራው በብዛት የሚያርፈው በሰው ገላ፣ በጸጉር፣ በከብትና በዕለት ዕቃ ላይ ነው። ይህ ትልቅ ልዩነት ነው። ጭምብል ከፊት ላይ ይወልቃል፤ ይሸጣል፣ ይጫናል፣ ፓሪስ ግድግዳ ላይ ይሰቀላል። ካሮው በነጭ አፈር፣ በቀይ አፈርና በከሰል በገላው ላይ የሚያወጣው የጅግራ ላባ የመሰለ ነጠብጣብ ግን ከሰውየው አይነጠልም፤ ሲታጠብም ይጠፋል። ሙዚየም ሊወስደው አይችልም። በ1907 የፓሪስ ሠዓሊዎች ያላዩት በዚህም ምክንያት ነው።

በገላ ላይ የተሣለ ሥዕል ከአንድ ቦታ ሆኖ አይታይም። ከደረት ተነስቶ በትከሻ ላይ ወደ ጀርባ የሚዞር መስመር ተመልካቹ ካልዞረ ወይም የተቀባው ሰው ካልተንቀሳቀሰ አያልቅም፤ በጭፈራ ጊዜ ደግሞ ሁለቱም ይንቀሳቀሳሉ። ብራክ በጠፍጣፋ ሸራ ላይ ሊያመጣ የታገለለት ዙሪያ ገብ እይታ እዚህ ከመጀመሪያው አለ። ከዚህ ተነስቶ የደቡብ ኦሞ ሰዎች ኪዩቢስቶች ናቸው ማለት ግን የባርን ሣጥን እንደገና መክፈት ይሆናል። ኪዩቢዝም ለአውሮፓ መስኮት የተሰጠ መልስ ነው፤ መስኮቱ ባልነበረበት አገር መልሱን መፈለግ ከንቱ ነው። ካሮው የሚቀባው ለጭፈራ፣ ለውበት፣ ለባልንጀራው ዓይን ነው።

ቀለምን በተመለከተ ከሁሉ የሚያስገርመው የከብት ነገር ነው። የእንግሊዙ አንትሮፖሎጂስት ዴቪድ ተርተን በ1980 ባሳተመው ጥናት የሙርሲ የቀለም ስሞች የከብት መልክ ስሞች መሆናቸውን አሳይቷል፤ ማንም ከብት የማይለብሰው ቀለም ሲቀርብላቸው እንዲህ ያለ ከብት የለም ብለው እንደ መለሱለት የጥናቱ ርእስ ራሱ ይመሰክራል። ጃፓናዊው ካትሱዮሺ ፉኩዪ ደግሞ ቦዲዎች የከብትን መልክና ዝንጉርጉርነት እንዴት ለይተው እንደሚያውቁ፣ ከወላጅ ወደ ጥጃ እንዴት እንደሚተላለፍ እንደሚከታተሉና የሚፈልጉትን መልክ መርጠው እንደሚያራቡ ጽፏል። በቦዲ ዘንድ ለሕፃን የራሱ የሆነ የከብት መልክ ይሰጠዋል፤ ዕድሜውን ሙሉም ከዚያ መልክ ጋር ይተሳሰራል። በሰሜኑ ገበሬ ቤት ቡሬ፣ ቦራና ዳለቻ የበሬ መጠሪያ ከመሆን አያልፉም፤ እዚህ መልኩ የሰውየው ማንነት ነው። ማሌቪች ቀለምን ከዕቃ ነጥሎ ብቻውን ለማቆም ሲደክም ቦዲው ቀለምንና ቅርጽን ከአንድ በሬ ወደ አንድ ልጅ አሻግሮታል፤ ነጥሏል፣ ነገር ግን ባዶ አላደረገውም። በረቂቅነት ደረጃ ከፓሪስና ከፔትሮግራድ ያነሰ አይደለም።

ኮላዥም ቢሆን ባይተዋር አይደለም። በኦሞ ወንዝ መድረሻ ከቱርካና ሐይቅ አጠገብ የሚኖሩ የዳሰነች ሴቶች የለስላሳና የቢራ ቆርኪዎችን ሰክተው የራስ ጌጥ ያደርጋሉ፤ የእጅ ሰዓት የብረት ማሰሪያ በግንባር ላይ የሚታሠርበት ጊዜም አለ። የፋብሪካ ውዳቂ ከመጣበት ሥራ ተፈናቅሎ ሌላ ሥራ ይይዛል። ፒካሶ የሰም ጨርቁን ሲለጥፍ ያደረገው ይህንኑ ነው፤ ልዩነቱ የእሱ ሸራ ሙዚየም ውስጥ የዘመናዊነት ልደት ሲባል የዳሰነቿ ጌጥ በጉዞ መጽሔት ላይ እንግዳ ነገር መባሉ ነው። ፍርዱ የተዛባው ዕቃው ላይ አይደለም፤ አየሁ ባዩ በቆመበት ቦታ ላይ ነው።

ያ ቦታ ዛሬ የካሜራ ቦታ ነው። ጎብኚው ጠዋት ከጂንካ ተነስቶ በማጎ ብሔራዊ ፓርክ በኩል ወደ ሙርሲ ይወርዳል፤ ጥቂት ሰዓት ቆይቶ ይመለሳል። ሙርሲዎች ለሚነሱት ፎቶ ገንዘብ ይጠይቃሉ። ጎብኚው የሚፈልገው የከንፈር ሸክላ ያደረገች ሴት ስለሆነ፣ ፎቶ አንሺውን ለመሳብ በዕለት ኑሮ የማይደረግ ጌጥ፣ ቀንድና ቅርጫት ሳይቀር፣ በራስ ላይ ይደረባል። ብዙ ጎብኚ «ተበላሽተዋል፣ ገንዘብ ወዳድ ሆነዋል» ብሎ ያማርራል። ማማረሩ ፍትሐዊ አይደለም። አንድ ዓይን ያለው ተመልካች ሲመጣባቸው ለአንድ ዓይን የሚበቃ ትዕይንት አዘጋጅተው አቀረቡለት፤ ዋጋውንም ተመኑ። ተርተን በጉዳዩ ላይ በጻፈው ሌላ ጥናት እንዳሳየው ግንኙነቱ ለሙርሲዎቹም የሚያዋርድ ሆኖ ይሰማቸዋል። በዚህ ግብይት ውስጥ የማይታየው ያቺ ሴት ከብት ስታልብ፣ ማሽላ ስትወቅጥ፣ ከባልንጀራዋ ጋር ስትሳሳቅ ያላት መልክ ነው። ፎቶው አይዋሽም፤ ነገር ግን የቆመበትን ቦታ ይደብቃል።

ሌላ ዓይነት እይታ አለመኖሩ አይደለም። ከጂንካ ከተማ በላይ ኮረብታው ላይ በጀርመናዊው አንትሮፖሎጂስት ኢቮ ስትሬከር ጠንሳሽነት የቆመው የደቡብ ኦሞ የምርምር ማዕከልና ሙዚየም የአካባቢውን ሕዝቦች ዕቃ እዚያው ባለቤቶቹ ሊያዩት በሚችሉበት ቦታ አኑሯል። ሐመርና ካሮ ወንዶች ይዘውት የሚዞሩት ትንሽ የእንጨት በርጩማ ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። ቀን ይቀመጡበታል፤ ሲተኙ በሸክላ የተሠራው የጸጉር አሠራራቸው እንዳይፈርስ ይንተራሱታል። ቅርጹ ከዚህ ድርብ ሥራው የመጣ ነው፤ በመስታወት ሣጥን ውስጥ ብቻውን ቢቆም ግማሹ ነገሩ አይነበብም። ስትሬከርና ባለቤቱ ጂን ሊዳል ከ1970ዎቹ መጀመሪያ አንሥተው ከሐመር ጋር ኖረው የጻፉት በ1979 በሦስት ቅጽ ወጥቷል። ሊዳል ከሌሎች ባልደረቦቿ ጋር ከ1990 እስከ 2001 የሠራቻቸው ፊልሞች ደግሞ የሐመር ሴቶች ስለ ጋብቻቸው፣ ስለ ልጆቻቸውና ስለ ጭንቀታቸው በራሳቸው ቋንቋ ሲናገሩ ያሳያሉ። መሣሪያው ያው ካሜራ ነው፤ ግን ተመላልሷል፣ ቆይቷል፣ የሚታየው ሰው እንዲናገር ፈቅዷል። ለኪዩቢዝም መንፈስ ከብዙ ማዕዘን አብዢ ሥዕሎች ይልቅ እነዚህ ፊልሞች ይቀርባሉ።

በአዲስ አበባ ጋለሪዎችና የስጦታ ዕቃ መደብሮች የሙርሲ ሴት ምስል በየግድግዳው ይገኛል። ብዙውን ጊዜ ፊቷ በሦስት ማዕዘንና በደማቅ ቀለም ተከፋፍሎ «ዘመናዊ» እንዲመስል ተደርጓል። ሲጠጉት ግን ከሥሩ አንድ ፎቶግራፍ ይታያል፤ ያው አቋቋም፣ ያው ሸክላ፣ ያው ቀጥታ እይታ። እንዲህ ያለው ሥራ የኪዩቢዝምን ቅርፊት ወስዶ ጥያቄውን ጥሎታል፤ ሠዓሊው አልዞረም፣ አልቀረበም፣ አልጠበቀም፤ የሌላ ሰው አንድ ዓይን ያየውን ወስዶ ቆራረጠው። የደቡብ ኦሞን ሰው መሣል የሚሻ ኢትዮጵያዊ ሠዓሊ ፎቶውን ጥሎ ይውረድ፤ ቅዳሜ በጂንካ ገበያ፣ ሰኞ በቱርሚ ገበያ ይዋል፤ የሚሥለውም ሰው ሥዕሉን አይቶ ይፍረድበት። ሲጨርስ ደግሞ ሰውየው ከፈቀደለት፣ ከራሱ ፊርማ አጠገብ የተሣለውን ሰው ስምና መንደር ይጻፍ።